ከሎጊያ ቀጥሎ ሰርዶ

ከጥቂት ዓመታት በፊት አፋር ውስጥ የቀረጽኩት አንድ ሾት አለኝ። አርባ ሰከንድ ገደማ ነው። አሳሌ ሐይቅ አጠገብ፣ ጨው ሜዳው ላይ፣ ግመሎች ከሩቅ ይመጣሉ። ትራይፖዱን አቁሜ ያለኝን ረጅሙን ሌንስ ገጠምኩ። ከረፋዱ አምስት ሰዓት አልፏል፤ ወላፈኑ ፊት ይለበልባል። በሌንሱ ሳይ ግመሎቹ መሬት አይረግጡም። ከጉልበታቸው በታች እግር የላቸውም። የቀረው አካላቸው አየር ላይ ይዋኛል። አንዷ ግመል ሁለት ትሆናለች፤ ትንሽ ቆይታ ተመልሳ አንድ ትሆናለች። ነጂው ቀጭን ጥቁር ክር ሆኖ ይረዝማል፣ ይበጠሳል፣ መልሶ ይቀጠላል።

እኔ በጣም ወደድኩት። ሥራውን ያዘዘን ድርጅት ግን አልወደደውም። "ፎከሱ ጠፍቷል" የምትል የአንድ መስመር ኢሜይል መጣችልኝ። ፎከስ አልጠፋም፣ አየሩ ነው ብዬ ልከራከር አሰብኩ። ግን ያልተከፈለኝ ቀሪ ሂሳብ ነበር። ይቅርታ ጠየቅኩ። ሾቱን አወጣሁና በቦታው በጠዋት የቀረጽኩትን ጥርት ያለ ግመል አስገባሁ። ለፖስትካርድ የሚሆን ዓይነት። ሂሳቡም በሦስተኛው ወር ገባ።

ይህን ለአንድ ካሜራማን ጓደኛዬ ስነግረው ሳቀብኝ። "አንተ ይቅርታ የጠየቅህበትን ነገር ሃያ ስምንት ደቂቃ ሙሉ የቀረጸ ሰው አለ" አለኝ። ሊንኩን በዚያው ማታ ላከልኝ።

ሰውየው ቢል ቫዮላ ይባላል። አሜሪካዊ ነው፤ የቪዲዮ አርቲስት። ሥራው የተሠራው እ.ኤ.አ. በ1979 ሲሆን ስሙ "ሾት ኤል ጀሪድ" ነው። ሾት ሲባል የኛ የካሜራ ሾት እንዳይመስላችሁ። በሰሜን አፍሪካ የጨው ሐይቅ ማለት ነው። ዝናብ ሲመጣ ትንሽ ውሃ ይይዛል፤ ሌላውን ጊዜ ደርቆ ነጭ ሜዳ ይሆናል። ይሄኛው ደቡብ ቱኒዚያ ውስጥ ነው ያለው። ከቶዘር ወደ ቀቢሊ የሚወስደው መንገድ መሐል ለመሐል ይሰነጥቀዋል። ስፋቱ ከ5,000 ካሬ ኪሎ ሜትር በላይ ነው። ጣናን ከነሙሉ ውሃው ብታስቀምጡበት ብዙ ቦታ ይተርፋል። የመጀመሪያውን የስታር ዋርስ ፊልም ያየ ሰው ሳያውቀው አይቶታል። ሁለት ፀሐይ ስትጠልቅ የሚታይበት ያ ቤት የተቀረጸው እዚያ ነው፤ ቫዮላ ከመሄዱ ሦስት ዓመት በፊት። የሆሊውድ ሰዎች ሌላ ፕላኔት ፍለጋ ሄደው ነበር። ቫዮላ የሄደው አየሩን ፍለጋ ነው።

ቪዲዮውን ስከፍት የጠበቅኩት አሸዋ ነው። ያገኘሁት በረዶ ሆነ። መጀመሪያ ላይ የምናየው የአሜሪካዋን ኢሊኖይንና የካናዳዋን ሳስካችዋንን የክረምት ሜዳ ነው። ነጭ መሬት፣ ነጭ ሰማይ። የት ጋ እንደሚገናኙ አይታወቅም። የተሳሳተ ፋይል ተልኮልኝ ይሆን ብዬ ርዕሱን መልሼ አየሁት። አልተሳሳተም። በኋላ በረሃው ሲመጣ ነው የገባኝ። በረዶውም ጨው ሜዳውም ላይ ዓይን የሚይዘው ነገር የለም። ዓይን የሚይዘው ሲያጣ ደግሞ የራሱን ነገር መፍጠር ይጀምራል።

በረሃው ሲመጣ ተራኪ የለም። ቱኒዚያ ነን፣ ሙቀቱ ይህን ያህል ነው የሚል ጽሑፍ የለም። ቫዮላ በጣም ረጅም የሩቅ ሌንስ ካሜራው ላይ ገጥሞ ይጠብቃል። ዛፎች ከመሬት ተነሥተው ይንሳፈፋሉ። የአሸዋ ክምር ከሥሩ ተቆርጦ አየር ላይ ይቀራል። የተራራ ጫፍ እንደ ጨርቅ ይርገበገባል። ከሩቅ አንዲት ነጥብ ትመጣለች፤ ትቀልጣለች፣ ለሁለት ትከፈላለች፣ እንደገና ትገጥማለች። ምን እንደሆነች ለማወቅ ትጓጓላችሁ፤ እሱ ግን አይቸኩልም። በየሦስት ሰከንዱ ከት ለማድረግ የሰለጠነው የኔ እጅ ብዙ ጊዜ ማውሱን ሊነካ ተነሥቷል።

ነገሩ እንዲህ ነው የሚሠራው። ሜዳው ይግላል። ለመሬቱ የቀረበው አየር ከላይ ካለው ይበልጥ ይሞቃል፣ ይሳሳል። ከሰማይ የሚመጣ ብርሃን እዚያ የሳሳ አየር ጋ ሲደርስ ቀጥ ብሎ መሄዱን ትቶ ቀስ እያለ ወደ ላይ ይታጠፋል፤ ታጥፎም ዓይናችን ይገባል። ዓይን ደግሞ ብርሃን ይታጠፋል ብሎ አይጠረጥርም። ቀጥ ብሎ ነው የመጣው ብሎ ያምናል። ስለዚህ ሰማዩን መሬት ላይ ያየዋል። መሬት ላይ ተዘርግቶ የሚያብለጨልጭ ሰማያዊ ነገር ደግሞ ለአእምሯችን ትርጉሙ አንድ ነው፤ ውሃ።

ሚራዥ የሚባለው ይህ ነው። ብዙ ሰው ግን የተጠማ ሰው ቅዠት ይመስለዋል። አይደለም። ካሜራ አይጠማም፣ ግን ያየዋል። ቴፕ ላይ ይቀረጻል። ብርሃኑ እውነተኛ ነው፤ ሰማዩም እውነተኛ ነው። የተሳሳተው ቦታው ብቻ ነው።

እዚህ ላይ ነው አባቴ ትዝ ያለኝ።

አባቴ የአሰብ መንገድ ሾፌር ነበር። ባለ ተሳቢ ፊያት 682። ወደቡ እስከተዘጋብን እስከ ግንቦት 1990 ዓ.ም. ድረስ ጭኖ ሲወርድ፣ ጭኖ ሲወጣ ኖሯል። ልጅ ሆኜ ተረት ሲያወራልኝ ጅብና ዝንጀሮ የሉበትም ነበር። ጎማ፣ ፍሬን፣ ኬላ፣ ውሃ ነው። ውሃውን በሸራ ከረጢት አድርገው ከካቢናው ውጭ ያንጠለጥሉታል። ሸራው ቀስ እያለ ላብ ያወጣል፤ ነፋሱ ያንን ላብ ሲያደርቀው ውስጡ ያለው ውሃ ይቀዘቅዛል። "በዚያ ቃጠሎ የጠጣሁትን ውሃ የሚያህል ውሃ እስካሁን አልጠጣሁም" ይል ነበር። ፍሪጅ ከገዛንም በኋላ እንዲሁ ነበር የሚለው።

ሌላም ውሃ ነበረው። "ዶቢ ሜዳ ላይ አስፋልቱ ኩሬ ሆኖ ይጠብቅሃል። ስትደርስበት የለም። ቀድሞህ ሄዷል። እንደገና ከፊትህ ነው። አዲስ ረዳት ሁሉ የመጀመሪያ ቀን ጋሼ ውሃ አየሁ ይላል። ውሃ አይደለም፣ ሙቀት ነው እለዋለሁ። አያምነኝም።"

አሁን አባቴ የመርሳት በሽታ አለበት። ስድስተኛ ዓመቱ ነው። መጀመሪያ ቁልፍ ነበር የሚጠፋው። ቀጥሎ የሰው ስም። ከዚያ ቀኑ። አሁን እኔን ብዙ ጊዜ በድሮ ረዳቱ ስም ነው የሚጠራኝ። መኪናዬ ውስጥ ሳስገባው ቀበቶውን እስካስርለት እንኳ አይታገሠኝም። "ታኮውን አነሣህ?" ይለኛል። ታኮ ለማታውቁት፦ ከባድ መኪና ዳገት ላይ ሲቆም እንዳይንሸራተት ጎማው ሥር የሚደረግ እንጨት ነው። ማስገባትም ማንሣትም የረዳት ሥራ ነው። የኔ መኪና ቪትዝ ናት።

"አባዬ፣ እኔ ልጅህ ነኝ" እለው ነበር። "ታኮ የለም፤ ይቺ የቤት መኪና ናት።" ዝም ይላል። ፊቱ ላይ አንድ ነገር ይዘጋል።

ከዚህ የባሰም አድርገናል። እናቴ ካረፈች አራት ዓመቷ ነው። ከሰዓት በኋላ ላይ "ከገበያ አልተመለሰችም እንዴ?" ብሎ ይጠይቃል። በመጀመሪያው ዓመት እውነቱን እንነግረው ነበር። እውነቱን መንገር አለብን ብለን ተስማምተን ነበር፤ ሦስት ልጆች ተሰብስበን፣ ቡና ተፈልቶ። እሱ ግን በሰማ ቁጥር አዲስ መርዶ ነው። በሳምንት ሦስት አራቴ አረዳነው። እህቴ ናት አንድ ቀን "ይብቃ!" ብላ የጮኸችው።

ወደ ቫዮላ ልመለስ። የተወለደው እ.ኤ.አ. በ1951 ኒው ዮርክ፣ ኩዊንስ ነው። ሲራኪዩስ ዩኒቨርሲቲ ተማረ። ቪዲዮ ጥበብ ነው አይደለም እየተባለ ክርክር በነበረበት ዘመን ዕድሜውን ለቪዲዮ ሰጠ። ጣሊያን ሠርቷል። ጃፓን ኖሯል፤ እዚያም ከአንድ መምህር ዜን የሚባለውን የቡድሂዝም ዘርፍ ተምሯል። ባለቤቱ ኪራ ፔሮቭ እ.ኤ.አ. ከ1970ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ አብራው ሠርታለች። የሕይወት ታሪክ ይህን ያህል ይበቃል። አንድ ነገር ግን አልዘልም።

የስድስት ዓመት ልጅ ሳለ ከቤተሰቡ ጋር ለእረፍት ሐይቅ ዳር ሄደው ነበር። ውሃው ውስጥ ገባና እንደ ድንጋይ ወደ ታች ወረደ። ጎትቶ ያወጣው አጎቱ ነው። ካደገ በኋላ ይህን ታሪክ ደጋግሞ አውርቶታል፤ ግን የሚያወራው ስለ ፍርሃቱ አልነበረም። ከሥር ስላየው ነው። ብርሃን ከላይ እየሰነጠቀ የሚገባበት፣ አረንጓዴና ሰማያዊ የሆነ፣ ጸጥ ያለ ዓለም። በሕይወቱ ያየው እጅግ ውብ ነገር ያ እንደነበር ይናገር ነበር።

ይህን ካወቅኩ በኋላ ሾት ኤል ጀሪድን እንደገና አየሁት። ውሃ ሊወስደው የነበረ ልጅ ሃያ ስምንት ዓመት ሲሞላው፣ ውሃ የሌለበት ሐይቅ ዳር ካሜራ ተክሎ ውሃ ይቀርጻል። ይሄ የኔ ንባብ ነው፤ በሱ አታላክኩት። ግን አንዴ ካሰባችሁት በኋላ ከጭንቅላት አይወጣም።

ሁሉንም ሥራውን እወዳለሁ ማለቴ አይደለም። በኋላ ዘመን የሠራቸው ትልልቅ ሥራዎቹ አሉ። ለንደን በሚገኘው ቅዱስ ጳውሎስ ካቴድራል ውስጥ እ.ኤ.አ. በ2014 የተተከለው የአራቱ ሰማዕታት ቪዲዮ አንዱ ነው። አራት ስክሪን፣ አራት ሰው፤ አፈር፣ ነፋስ፣ እሳት፣ ውሃ። አራቱ ባሕርያተ ሥጋ ተምሮ ላደገ ኢትዮጵያዊ ሐሳቡ እንግዳ አይደለም። ለኔ ግን ከመጠን በላይ ጸድቷል። ብርሃኑም፣ የሰዎቹም መልክ፣ ውሃውም ሁሉ የተወለወለ ነው። ስሎው ሞሽኑ ደግሞ የሙያ ቁስሌን ይነካብኛል። እ.ኤ.አ. በ1995 "ሰላምታ" የሚለውን ሥራውን ሲሠራ አርባ አምስት ሰከንድ የሚሆን ድርጊት ወደ አሥር ደቂቃ ነው የለጠጠው። ሦስት ሴቶች ሲገናኙ። የሰርግ ኤዲተር ለሆነ ሰው ይሄ የሥራ ቀን ነው። ሙሽራዋ ቬሏን ስታዞር ስንት መቶ ጊዜ ለጥጫለሁ። ለዚህ ይሆናል የቀድሞዎቹን የምመርጠው። እነሱ ውስጥ ቫዮላ ጊዜውን አይለጥጥም። ቆሞ ይጠብቃል እንጂ።

ከቀድሞዎቹ መካከል በረሃን ከትዝታ ጋር የሰፋበት ሥራ እ.ኤ.አ. በ1991 የተሠራው ነው። ሃምሳ አራት ደቂቃ፣ ጥቁርና ነጭ። ርዕሱን በአማርኛ "ማለፍ" ብንለው ያምርበታል፤ እኛም ለሞተ ሰው አለፈ እንላለን። በዚያው ዓመት እናቱ አርፋለች። በረሃው ይሄኔ የራሱ አገር በረሃ ነው፤ ደቡብ ምዕራብ አሜሪካ፣ ሌሊት።

አንድ ሰው ተኝቷል። ራሱ ቫዮላ ነው። ትንፋሹ ይሰማል፣ ከባድ ትንፋሽ። ከዚያ ጨለማ ውስጥ የበረሃ መሬት፣ ድንጋይ፣ ቁጥቋጦ። ከዚያ ውሃ ውስጥ ያለ አካል። ከዚያ አዲስ የተወለደ ሕፃን። ከዚያ አልጋ ላይ ያሉ እናት። ተመልሶ የተኛው ሰው። ቅደም ተከተል የለም። ማን መቼ ሞተ፣ ማን መቼ ተወለደ የሚል ነገር የለም። ሰውየው ብንን ይላል፣ ይገላበጣል፣ መልሶ ይተኛል። እውነቱን ለመናገር መጀመሪያ ቀን ሃያ ደቂቃ ሳልዘልቅ እንቅልፍ ወሰደኝ። ስነቃ ስክሪኑ ላይም ሰው ተኝቷል። በሌላ ቀን ነው የጨረስኩት፤ ሌሊት፣ አባቴ ከጎን ክፍል ሲያንኮራፋ።

ያን ሌሊት ሁለት ትንፋሽ ነበር የምሰማው። አንዱ ከስፒከሩ፣ አንዱ ከግድግዳው ወዲያ። የትኛው የማን እንደሆነ የጠፋብኝ ጊዜ አለ። ቪዲዮውን አቁሜ አረጋገጥኩ። አባቴ ይተነፍሳል።

ቫዮላ ጽሑፍም ይጽፍ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1982 ባሳተመው አንድ ድርሰት ውስጥ ስለ ጥንቶቹ የማስታወሻ ዘዴ ያወራል። የግሪኩ ባለቅኔ ሲሞኒደስ ግብዣ ላይ ሳለ ለጥቂት ጊዜ ወደ ውጭ ይጠራል። እንደወጣ ጣሪያው ተደርምሶ ውስጥ ያሉትን ይጨርሳቸዋል። ሬሳዎቹ የማን እንደሆኑ መለየት አልተቻለም። ሲሞኒደስ ግን ማን የት ተቀምጦ እንደነበር ስላስታወሰ አንድ በአንድ ለየላቸው። ከዚያ በኋላ ተናጋሪዎች የሚያስታውሱትን ነገር ሁሉ በሐሳብ ቤት ውስጥ እየደረደሩ፣ ከክፍል ክፍል እየተዘዋወሩ ማንሣት ተማሩ ይባላል። ትዝታ ቦታ አለው ማለት ነው። ፋይሉ ያለው መንገዱ ላይ ነው።

የአባቴ ቤት መንገድ ነው። ቁርስ ምን እንደበላ ብትጠይቁት አያውቅም። ፊቱ የሚመላለሰውን የልጄን ስም አያውቅም። "ከሚሌ ቀጥሎስ?" በሉት። ሎጊያ። "ከሎጊያስ?" ሰርዶ፣ ዲቾቶ፣ ዶቢ፣ ኤሊዳር፣ ማንዳ፣ ቡሬ፣ አሰብ። አይደናቀፍም። የት ጋ ጎማ እንደሚነፋ፣ የት ጋ ሻይ እንደሚጠጣ፣ የት ጋ ፍሬን እንደሚረገጥ ይነግራችኋል። አንድ ቀን "ሰመራን ዘለልካት እኮ" አልኩት። ግራ ገብቶት አየኝ። እሱ ያን መንገድ በሚያስታውስበት ዘመን ሰመራ የምትባል ከተማ የለችም። ሎጊያን አልፈህ ሜዳ ነው፤ ከሜዳው ቀጥሎ ሰርዶ። ተሳስቶ አልነበረም። እኔ ነኝ በሱ መንገድ ላይ ያለቦታዋ ከተማ የተከልኩት።

ቫዮላ እ.ኤ.አ. በ2012 ወደ በረሃ ተመልሷል። ካሊፎርኒያ ውስጥ ሞሃቬ በረሃ ላይ ኤል ሚራዥ የሚባል የደረቀ የሐይቅ ሜዳ አለ፤ ስሙ ራሱ ሚራዥ። እዚያ ከቀረጻቸው ሥራዎች በአንዱ ውስጥ ሁለት ወንዶች አሉ፤ አባትና ልጅ። በስክሪኑ ግራና ቀኝ፣ ከሩቅ፣ ከወላፈኑ ውስጥ ይወጣሉ። ወደኛ ይራመዳሉ። መንገዳቸው ቀስ በቀስ ይቀራረባል። ይገናኛሉ። ከዚያ ይተላለፉና አንዱ ወደ አንዱ ወገን፣ ሌላው ወደ ሌላው ወገን ይሄዳሉ። በቃ፣ ይሄው ነው። ይህንን ሥራ ከኋለኞቹ መካከል ለይቼ እወደዋለሁ። ለምን እንደሆነ ማስረዳት ያለብኝ አይመስለኝም።

ቢል ቫዮላ እ.ኤ.አ. ሐምሌ 2024 ካሊፎርኒያ፣ ሎንግ ቢች ውስጥ አረፈ። ሰባ ሦስት ዓመቱ ነበር። ዜናውን ስልኬ ላይ ነው ያነበብኩት፤ ሐኪም ቤት ኮሪደር ላይ፣ የአባቴን ተራ ስጠብቅ። ምክንያቱን የሚናገረውን መስመር ሁለት ጊዜ አነበብኩት። አልዛይመርስ። ዕድሜውን ሙሉ ትዝታን የቀረጸ ሰው። ስልኩን ኪሴ ከተትኩ። አባቴ ከጎኔ ተቀምጦ ጣቶቹን ጉልበቱ ላይ ያንቀሳቅሳል፤ ማርሽ ይቀይራል መሰለኝ።

ቪዲዮውን ለአባቴ ለማሳየት ያሰብኩት ያኔ ነው። ግን ብዙ ወር አለፈው። ይፈራ ይሆናል አልኩ። ይሰለቸው ይሆናል አልኩ። አንድ እሑድ ከቡና በኋላ ቤቱ ጭር ሲል ላፕቶፑን ከቴሌቪዥኑ ጋር አገናኘሁት። ጋቢውን ደርቦ ሶፋው ላይ ነው። ምንም አልነገርኩትም።

በረዶው መጣ። ነጭ በነጭ። ዓይኑን ጨፈን ከፈት አደረገ።

"ጣርማ በር ነው?"

ጉሙን ማለቱ ነው። በደሴ በኩል ሲኬድ ጣርማ በር ላይ የሚያጋጥመውን ጉም። ኢሊኖይ ልለው አፌ ላይ ደርሶ መለስኩት።

ጨው ሜዳው ሲመጣ ከሶፋው ወደፊት ሳብ አለ። ጋቢው ከትከሻው ወረደ፤ አላነሣውም። ያ የሚያብለጨልጨው ነገር ከዳር እስከ ዳር ስክሪኑን ሞላው። እኔ ስክሪኑን ትቼ እሱን ነው የማየው። ዓይኖቹ ጠበብ ብለዋል፤ ፀሐይ ላይ የሚነዳ ሰው ዓይን። ቀኝ እግሩ ምንጣፉ ላይ ቀስ ብሎ ተጫነ።

"ዶቢ" አለ።

ዝም አልኩ።

ከሩቅ ነጥቧ መጣች። እኔ ይህን ቪዲዮ አምስት ስድስት ጊዜ አይቼዋለሁ፤ እዚያ ጋ ስደርስ ሁሌም ምን እንደሆነች ለማወቅ እንደተጨነቅኩ ነው። እሱ አልተጨነቀም። "መብራት አብራለት" አለኝ። "ከፊት እየመጣ ነው። አላየንም።" ቆየት ብሎ ደግሞ፣ "ተወው፣ ቀኙን ይዟል።"

ቪዲዮው ሲያልቅ የራሴን አርባ ሰከንድ ከፈትኩለት። የተጣለውን ሾት። ከሃርድ ዲስክ ፈልጌ አውጥቼው ነበር። ግመሎቹ እግር የላቸውም፤ ነጂው ክር ነው። አባቴ ከንፈሩን ያንቀሳቅሳል። እየቆጠረ ነው።

"አሥራ ሁለት" አለ።

እኔ ቆጥሬያቸው አላውቅም። ግን ያን ቀን አጠገቤ ደርሰው ሲያልፉ የቀረጽኩት ሌላ ክሊፕ ነበረኝ። ማታ እሱ ከተኛ በኋላ ከፍቼ ቆጠርኩ። አሥራ አንድ ናቸው። እንደገና ቆጠርኩ፤ አሥራ አንድ። ወደ አርባው ሰከንድ ተመለስኩና በፍሬም በፍሬም ሄድኩበት። አንዷ ግመል ሁለት የምትሆንበት ጋ ስደርስ አቆምኩት። ጣቴን ስክሪኑ ላይ እያሳረፍኩ ቆጠርኩ። አሥራ ሁለት።

በማግስቱ ጠዋት ለሐኪም ቀጠሮ ስናወጣው ቪትዟ ውስጥ አስቀመጥኩት። ቀበቶውን ሳስርለት ፊቴን አየኝና በረዳቱ ስም ጠራኝ።

"ውሃ ይዘናል?"

"ይዘናል ጋሼ።"

"በሸራው?"

"በሸራው።"

ወደፊት፣ ወደ አስፋልቱ ተመለከተ።

"ታኮውስ?"

በሩን ዘግቼ ወደ ኋላ ዞርኩ። የኋላ ጎማው ጋ ጎንበስ ብዬ ትንሽ ቆየሁ። ከዚያ ገብቼ ሞተሩን አስነሣሁ።

"አንሥቻለሁ" አልኩት።